ስኮትላንድ ያለው ባሏ

ሃዊዝ በሄዘርቢ መንደር የምትታወቀው በቅቤዋ ነበር። ወደ ታድካስተር ስትወርድ ቅርጫቷ ገበያ ሳይደርስ መንገድ ላይ ባዶ ይሆናል። ባሏ ተርስታን የሣር ጣሪያ ከዳኝ ነው። ቀኑን ሙሉ ከሰው ጣሪያ ላይ ስለሚውል ነው መሰል ወሬ ብዙም አይወድም። እሷ የሁለቱንም ድርሻ ታወራለች፣ እሱ ይስቃል። ትዳራቸው ይኸው ነበር፤ ከዚህ የተሻለ ትዳር ብዙ አይታይም።

ያላቸው ሀብት አንዲት ቀይ ላምና አንዲት በግ ነው። ልጃቸው ሲስሊ አራት ዓመቷ ሲሆን፣ በመከር የያዛት ሳል ክረምቱን ሁሉ አልለቃት ብሎ አጥንቷ ብቻ ቀርቷል። እህል አይረጋላትም። በሕይወት ያቆያት የቀይዋ ወተት ነበር፤ ይህን ሃዊዝም ታውቃለች፣ ጎረቤቱም ያውቃል።

በዚያ ዓመት እንግሊዝ ሁለት ንጉሥ ነበራት፤ እንደ እውነቱ ከሆነ አንድም አልነበራትም። የቀድሞው ንጉሥ ሄንሪ ጸሎተኛ ነው ይባላል፤ ጸሎቱ ግን ለአገሩ ጠብ ያለለት ነገር የለም። አንድ ጊዜማ አእምሮው ተሰውሮበት የገዛ ልጁን እንኳ ሳይለይ ከዓመት በላይ ቁጭ ብሏል። መኳንንቱ ያን ሲያዩ እርስ በርስ ተባሉ። በመጨረሻ ዘመዱ ኤድዋርድ፣ ገና የአሥራ ስምንት ዓመት ጎረምሳ፣ ዘውዱ የሚገባው ለእኔ ነው ብሎ ለንደን ላይ ነገሠና ጦሩን አስከትሎ ወደ ሰሜን መጣ። የሄዘርቢ ጌታ የሄንሪ ሰው ነበር። ስለዚህ የሄዘርቢ ገበሬም የሄንሪ ሰው ሆነ፤ ወደህ ነው ወይ ብሎ የጠየቀው የለም።

ቀስት መሳብ የሚችል ሁሉ ይውጣ ተባለ። አሥራ ሦስት ሰው ወጣ።

«ለፋሲካ እመጣለሁ» አላት ተርስታን ደጃፉ ላይ ቆሞ።

«ባላባት ሆነህ ነው ወይስ እንዲሁ ጣሪያ ከዳኝ?»

«ርቦኝ» አለና ሳቀ። ልጅቷን ግንባሯን ስሞ ሄደ።

የሆሣዕና ዕለት በረዶ ጣለ። ሴቶቹና ሽማግሌዎቹ የአኻያ ቅርንጫፋቸውን ይዘው ቤተ ክርስቲያኑን ሲዞሩ ንፋሱ ፊታቸውን ይገርፋቸዋል። ጦርነቱ በዚያው ሰዓት ቶውተን ሜዳ ላይ፣ የሁለት ሰዓት የእግር መንገድ ርቆ፣ እየተካሄደ ነበር። ምንም አልሰሙም። ዘመሩ፣ ቅርንጫፋቸውን አስባረኩ፣ ወደየቤታቸው ገቡ።

ማክሰኞ ዕለት ዊልኪን ብቻውን ተመለሰ። የተርስታን የልጅነት ጓደኛ ነው፤ ከቀኝ እጁ ሁለት ጣት ጎድሎታል። እናቱ ቤት እንኳ ሳይገባ በቀጥታ ወደ ሃዊዝ መጣ።

«ተቀመጥ» አለችው። አልተቀመጠም።

«ንፋሱ ለእነሱ አደላ» አለ። «የእነሱ ቀስት ይደርሰናል፣ የእኛ አይደርስም። በረዶው ዓይናችንን ጋረደን። ከሰዓት በኋላ መስመራችን ተፈታና ወደ ወንዙ ሮጥን። ወንዙ ትንሽ ነው፣ አንቺም ታውቂዋለሽ፤ በደህና ቀን ልጅ ይዘለዋል። የዚያን ቀን ግን ሞልቷል። ሰው በሰው ላይ ተራምዶ ነው የተሻገረው። እኔም የተሻገርኩት እንደዚያ ነው።»

«ተርስታንስ?»

«ከእኔ በፊት ገባ።» ዊልኪን ዓይኑን ወደ መሬት ጣለ። «በማን ላይ እንደተራመድኩ ብቻ አትጠይቂኝ።»

ሃዊዝ አልጮኸችም። ግድግዳውን ተደግፋ ቁልቁል ተንሸራትታ ተቀመጠችና እንባዋ ዝም ብሎ ወረደ። ዊልኪንም አብሯት አለቀሰ። ከዚያ ሲስሊ ከመደቡ ላይ ሳል ጀመራት፤ እንደ ሁልጊዜው ትንፋሿን የሚያሳጣ ሳል። ሃዊዝ ተነሥታ ወተት አሞቀችና ጽዋውን ከልጅቷ ከንፈር ላይ እንደያዘች እጇ ቀጥ አለ። ልማዱ ትዝ ብሏት ነው።

የሄዘርቢ ልማድ ከንጉሥም ከጌታም በፊት የነበረ ነው። አባወራ ሲሞት ከከብቱ ሁሉ ምርጡን የመንደሩ ጌታ ይወስዳል፤ ሁለተኛውን ቤተ ክርስቲያን ይወስዳል። ለሃዊዝ ምርጡ ላሟ ነች፤ ሁለተኛው በጓ ነች፤ ሦስተኛ የለም። ሹሙ ሃሞንድ ገመድ ይዞ ይመጣል፣ ቀይዋን ይነዳል፣ ሲስሊ ደግሞ ከበጋ በፊት ትሞታለች።

«እስካሁን ለማን ነገርክ?» አለችው።

«ለማንም።»

«ስለ ሌሎቹ ንገር። ስለ እሱ አላየሁም በል።»

«ሃዊዝ፣ እንዴት እንዲህ ይባላል? ነፍሱስ?»

«ነፍሱ ትጠብቀኝ። ልጁ አትጠብቀኝም።»

ከፋሲካ በኋላ የመንደሩ ችሎት ተቀመጠ። የድሮው ጌታ ከነልጁ ሜዳ ላይ ቀርቶ መንደሩ ለአዲሱ ንጉሥ ሰው ተሰጥቶ ነበር። ንጉሡ ተለወጠ፣ ጌታው ተለወጠ፤ የምርጥ ከብቱ ነገር ግን ንቅንቅ አላለም። ሃሞንድ የአሥራ አንድ ሟቾችን ስም ጠርቶ አሥራ አንድ ከብት አስመዘገበ። ጠፍቷል የተባለም እንደ ሞተ ነው የሚቆጠረው፤ የት እንዳለ ካልተነገረ በቀር።

«ተርስታንስ የት ነው?» አለ ሃሞንድ።

«ስኮትላንድ ነው ያለው፣ ጌታዬ።»

«ስኮትላንድ ምን ያደርጋል?»

«ንጉሥ ሄንሪ ወደዚያ ሸሸ አይደል? ተከትሎት ሄዷል። ንጉሡን ጣሪያው አፍስሶበት ይሆናላ።»

ሰዉ ሳቀ። ሐዘን ላይ የከረመ ሕዝብ ነበርና ሳቁ ትንሽ በዛ። ሃሞንድ አልሳቀም፤ ወደ ዊልኪን ዞረ።

«አንተስ ምን ታውቃለህ?»

ዊልኪን የቀሩትን ጣቶቹን እያየ፣ «እኔ መጨረሻ ሳየው በሕይወት ነበር» አለ። ይህ ቃል በቃል እውነት ነው፤ ሆኖም ከዚያ ቀን በኋላ ዊልኪን ሳይጠጣ እንቅልፍ አይወስደውም ነበር።

ቀይዋ ቀረች። ሲስሊ በሁለተኛው ክረምት ሳሉ ለቀቃት፤ ጉንጯ ሞላ፣ መሮጥ ጀመረች። ሃዊዝ ያደረገችውን ያደረገችው ለዚህ ነው፤ የሚፈርድባት ሰው ካለ ያቺን ልጅ ስትሮጥ ያላየ ነው።

ዋጋው ግን የመጣው በየዓመቱ በሙታን መታሰቢያ ቀን ነበር። አባ አሌን የመንደሩን ሙታን ስም የያዘውን ጥቅልል ዘርግተው ያነባሉ፣ ደወሉ ይመታል፣ ሕዝቡ ስለ እያንዳንዱ ነፍስ ተንበርክኮ ይጸልያል። ነፍስ ከሞት በኋላ ከምትነጻበት እሳት የምትወጣው በዚህ ጸሎት ነው ይባላል። ቶውተን ላይ የቀሩት አሥራ አንዱ ይጠራሉ። ተርስታን አይጠራም። በሕይወት ላለ ሰው ማን ፍትሐት ያደርጋል? ሃዊዝ ሲስሊ የምትጠጣትን እያንዳንዷን ጽዋ ስታይ ባሏ ስለዚያች ጽዋ አንድ ቀን ጨምሮ እንደሚቃጠል ነበር የምታስበው። በጾም ኑዛዜ ላይ እንኳ ነገሩን ዋጠችው። ጎረቤቶቿ፣ ላማቸውንም ባላቸውንም ያጡት፣ «አንቺስ ታድለሻል፣ የሚመጣልሽ አለ» ሲሏት ፈገግ ማለት ነበረባት።

ዊልኪን ሦስት ዓመት ጠበቃት። ማገዶ ይፈልጥላታል፣ በግ ይሸልትላታል፤ በመጣ ቁጥር «ባልሽ ደህና ነው?» እያለ ይቀልዳል። አንድ ቀን ግን ሳይቀልድ መጣ።

«ልጅቷ ድናለች። ላሟን ስጫቸውና እንጋባ።»

«አሁን ብናገር የሚወስዱት ላሟን ብቻ መሰለህ? ሦስት ዓመት ጌታን አታለሽ ብለው መሬቱንም ይነጥቁኛል። ልጅቷን ይዘን የት እንሄዳለን?»

ዊልኪን ተነሣ። «እንግዲህ ባልሽን ሰላም በይልኝ» አለ። በዚያው ዓመት ወንዙ ማዶ ሌላ አገባ።

ሲስሊም አደገች፤ ጥያቄዋም አብሯት አደገ።

«እማዬ፣ አባቴ ስኮትላንድ ምን ይበላል?»

«አጃ።»

«ይበርደዋል?»

«እንደኛው ነው።»

«መቼ ነው የሚመጣው?»

«ንጉሡ ሲመለስ።»

ሃዊዝ ይህን ያለችው ሄንሪ ፈጽሞ እንደማይመለስ እርግጠኛ ስለነበረች ነው። ኋላማ ተይዞ ለንደን ግንብ ውስጥ ታስሯል ተባለ፤ ሲስሊ ግን አባቷ እዚያው ስኮትላንድ ቀርቶ ንጉሡ እስኪፈታ ይጠብቃል ብላ አመነች። እናት ለልጇ ከዚህ የከፋ ቀን ቀጥራ አታውቅም። ማታ ማታ እናትና ልጅ መደቡ ሥር ተንበርክከው ይጸልያሉ፤ ሲስሊ ለአባቷ የምትለምነውን ትለምናለች፣ ሃዊዝ አሜን ትላለች። እንዲህ ዘጠኝ ዓመት አለፈ።

ከዚያ ማንም ያልጠበቀው ሆነ። መኳንንቱ እንደገና ተጣሉና ኤድዋርድ ባሕር ተሻግሮ ሸሸ። ሄንሪን ከግንቡ አውጥተው ዘውዱን መልሰው ደፉለት። ወሬው ሄዘርቢ የደረሰው በመከር ማብቂያ ነው፤ ደወል ተደወለ፣ ጠላ ተጠጣ። በሳምንቱ ከጎረቤት መንደር ጠፍቶ የነበረ አንድ ሰው፣ በእውነት ስኮትላንድ የከረመ፣ ሽበት አብቅሎ ቤቱ ገባ።

ሲስሊ የአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ ነች። ይህን ስትሰማ ቤቱን ጠረገች፣ የመደቡን ገለባ ለወጠች፣ ጠዋት ከቀይዋ የተወለዱትን ላሞች አልባ ስትጨርስ ወደ ሰሜኑ መንገድ ድልድይ ሄደች። በማግሥቱም ሄደች። ከዚያም በየቀኑ። መንገደኛ ሲመጣ ትነሣለች፣ ሲያልፍ ትቀመጣለች። ማታ እግሯ ርሶ ትመለስና «መንገዱ ጭቃ ስለሆነ ነው የዘገየው» ትላለች።

ሃዊዝ አሥራ አንድ ቀን ቻለች። በአሥራ ሁለተኛው፣ የሙታን መታሰቢያ ዋዜማ ነበር፣ ነጠላ ጫማዋን እንኳ ሳታጠልቅ ሃሞንድ ቤት ሄደች። አርጅቷል፤ አጥሩ ሥር ተቀምጦ ባቄላ ይፈለፍላል።

«ተርስታን ሞቷል» አለችው።

«መቼ?»

«በሆሣዕና። የበረዶው ሆሣዕና።»

ሃሞንድ ባቄላውን አስቀመጠ። «አውቃለሁ» አለ። «ዊልኪን መዋሸት አይችልም። ግን በዚያ ሳምንት ከአሥራ አንድ ቤት አሥራ አንድ ከብት ነድቻለሁ፤ ልጆቹ እስከ መንደሩ ዳር እያለቀሱ ይከተሉኛል። አሥራ ሁለተኛውን ለመንዳት ጉልበት አጣሁ። ለጌታው ዘንድሮ ሞተ እለዋለሁ፤ አንዲት ላም እወስዳለሁ፣ መሬቱን ማንም አይነካብሽም።»

ዘጠኝ ዓመት የፈራችው ሰው ያውቅ ኖሯል።

«ለልጅቷ ነግረሻታል?» አላት።

«ገና ነው።»

«ታዲያ እኔ ዘንድ ምን ልትሠሪ መጣሽ? ሂጂ እንጂ።»

ድልድዩ ላይ ስትደርስ ሲስሊ ድንጋዩ ላይ ተቀምጣ ነበር። ሃዊዝ አጠገቧ ተቀመጠችና ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ነገረቻት፤ ወንዙን፣ ዊልኪንን፣ ሳሏን፣ ወተቱን። ሃዊዝ ስትጨርስ የምትጠብቀው ለቅሶ ነበር፣ ወይም ስድብ።

«ማታ ማታ ምን ብዬ እንደምጸልይ ትሰሚ ነበር» አለች ሲስሊ ቀስ ብላ።

«እሰማ ነበር፣ ልጄ።»

«እግሩ እንዳይበርደው ነበር የምለምነው። ጫማ የሚሰጠው ሰው እንዲያገኝ። አንድም ቀን ለነፍሱ አልለመንኩም፤ ዘጠኝ ዓመት ሙሉ የሚቃጠል ሰው እንዳይበርደው ስለምን ነበር።» ወደ እናቷ ዞረች። «አንቺ ታውቂ ነበር። እያወቅሽ ከጎኔ ተንበርክከሽ አሜን ትዪ ነበር።»

ሃዊዝ ልታቅፋት እጇን ዘረጋች። ሲስሊ አልገፋቻትም፤ ብቻ ተነሥታ ቀድማ ወደ ቤት ሄደች።

በማግሥቱ አባ አሌን ጥቅልሉን ዘረጉ። አሥራ አንዱን አነበቡ፤ ከዚያ ቀለሙ ገና ያልደረቀውን ስም ጠርተው፣ «ተርስታን፣ የዚህ መንደር ጣሪያ ከዳኝ፣ እግዚአብሔር ነፍሱን ይማር» አሉ። ደወሉ ተመታ። ግማሹ ሰው እሱ በከደነው ጣሪያ ሥር የሚያድር ነውና ቤተ ክርስቲያኑ በለቅሶ ሞላ። እናትና ልጅ ጎን ለጎን ተንበርክከዋል። ሕዝቡ አሜን አለ፤ ሃዊዝም አሜን አለች። ሲስሊ አላለችም።