በወይዘሮ አስካለ ስም ወደ መቂ

ናዝሬት፣ ከንጋቱ አስራ ሁለት ሰዓት

ከአቦምሳ መጥቼ እዚህ ዱቄት ፋብሪካ ከገባሁ ስምንት ወሬ ነው። ከሥራ ወጥቼ ክፍሌን ከዘጋሁ እስከ ማግስቱ ስሜን የሚጠራ ሰው የለም። ዛሬም የምጓዘው በሰው ስም ነው። የዕድርተኛው የአቶ ለማ ወንድም መቂ አርፎ ዕድሩ ለቀብር ይሄዳል፤ አከራዬ ወይዘሮ አስካለ ግን እግራቸው አብጦ ተኝተዋል። «ስሜ ሲጠራ ድረስልኝ፣ ቀረች እንዳልባል» ብለውኛል።

ኤንትሬው የጭነት መኪና ድንኳን፣ አግዳሚ ወንበርና ሠላሳ ያህል ሰው ጭኗል። ጥግ ይዤ ቆምኩ። ሞጆ ኬላ ላይ የቀበሌውን የይለፍ ወረቀት አይተው አሳለፉን። ቆቃ መንገድ ዳር ዓሣ በገመድ አንጠልጥለው የሚያሳዩ ሻጮች፣ የለቅሶ መኪና መሆናችንን ሲያዩ እጃቸውን ዝቅ አደረጉ።

መቂ፣ ሰባት ሰዓት

ከቀብር መልስ የዕድሩ ዳኛ ጋሽ በቀለ ድንኳኑ ውስጥ ደብተር ከፍተው ስም መጥራት ጀመሩ።

«ወይዘሮ አስካለ።»

«አቤት» አልኩ።

ለካ «ወኪል» ነው የሚባለው። ጋሽ በቀለ መነጽራቸውን ዝቅ አድርገው አዩኝ።

«ወይዘሮ አስካለ፣ ጢም ያበቀሉት መቼ ነው?»

ሐዘንተኛው አቶ ለማ እንኳ ጋቢያቸውን አፋቸው ላይ አድርገው ሳቁ። ንፍሮ ሲታደል ሴቶቹ ለወይዘሮ አስካለ ይጨመርላቸው ተባባሉ።

አስር ሰዓት

መኪናው እስኪነሳ ብዬ ወደ ሽንኩርት ማሳ ወጣሁ። ቦዩ ዳር ጆንያ የሚሰፉ ሽማግሌ በኦሮምኛ ሰላም አሉኝ፤ እኔም የአርሲ ልጅ ነኝና መለስኩ፤ ስለ ዝናብ፣ ስለ አቦምሳ በቆሎ ስናወራ ሰዓቱ አለፈ። ሮጥኩ። ጥለውኝ ቢሄዱ አልፈርድባቸውም ነበር፤ ማን ብለው ይጠብቁኛል?

ሞተሩ ጠፍቷል። ሹፌሩ ሊመሽብን ነው እያለ ታች ቆሞ ያጉረመርማል። ቁልፉን የቀሙት ወይዘሮ ጦቢያ የሚባሉ ወፍራም ሴት መኪናው ላይ ሆነው፣ «ሰው ጎድሎ አንሄድም ብያለሁ» ይላሉ።

ሲያዩኝ እጄን ይዘው ሳቡኝ።

«አንተ ልጅ፣ ምነው ልባችንን ሰቀልከው?»

አግዳሚው ላይ ጠጋ ጠጋ ብለው መሃላቸው አስቀመጡኝ። ሞጆ እስክንደርስ የወይዘሮ ጦቢያ ክርን ጎኔን ሲወጋኝ ነበር፤ አልተንቀሳቀስኩም።

ናዝሬት፣ ምሽት አንድ ሰዓት

ስንወርድ ጋሽ በቀለ ትከሻዬን ያዙኝ። «የራስህን ስም ግን ማን እንበል?» አሉ። ነገርኳቸው። ደግመው አሉት፣ እንዳይረሱት።

ወይዘሮ አስካለ እግራቸውን በርጩማ ላይ ሰቅለው በር ላይ ይጠብቁኛል።

«ተጠራሁ?»

«ተጠርተዋል» አልኳቸው። «እኔም።»