የታሰረው ኮርማ ስም

እስር ቤት ውስጥ እንደ ኮርማ የጮኸ ሰው ከእኔ ሌላ ያለ አይመስለኝም። ሌላው ሲገረፍ ይጮሃል። እኔ ማንም ሳይነካኝ፣ ሃያ ስድስት ሰው ፊት ቆሜ፣ ጥሩ ተረት ነጋሪ ለመባል ብዬ ጮህኩ። ሞኝነቶቼ ብዙ ናቸው፤ ሚስቴ፣ ነፍሷን ይማርና፣ በጣቷ ትቆጥራቸው ነበር። አንዱን መልሰህ ውሰድ ብባል ግን የምወስደው ያንን ጩኸት ነው።

የያዙኝ አንብቤ ባልጨረስኩት ወረቀት ነው። ከኪሴ ሲያወጡት ገና ሁለተኛው መስመር ላይ ነበርኩ። መርማሪው ግን ጸሐፊው አንተ ነህ ብሎ ድርቅ አለ። ከዚያ በፊትም ሆነ ከዚያ ወዲህ እኔን ጸሐፊ ነህ ብሎ የተሟገተልኝ ሰው የለም።

ያስገቡኝ ከአንድ ሀብታም በተወረሰ ቪላ ጋራዥ ውስጥ ነው። ሲሚንቶው መሀል ላይ የመኪና ዘይት ጠጥቶ የጠቆረ ቦታ አለ፤ ሰው ሁሉ ስለሚሸሸው አዲስ ገቢ እዚያ ይተኛል። ተኛሁበት። እዚያ ስም አይጠየቅም፤ የማታውቀውን ስም ቢገርፉህም አታወጣውም። ስለዚህ እያንዳንዱ በሚተኛበት ቦታ ይጠራል። «በሩ ሥር» አለ፣ «መስኮት» አለ። እኔ «ዘይት» ሆንኩ።

ከጎኔ የሚተኛው ገበሬ «ጋሼ ግድግዳ» ነበር። ከተማ የሚማር ልጁን ሊጠይቅ መጥቶ፣ ልጁን ፈልገው ያጡት ሰዎች እሱን ይዘው አስቀሩት። ሁለት በሬዎቹ ጎረቤት ቤት ናቸው፤ ሰኔ ገብቷል። በየጠዋቱ በብረቱ በር ስንጥቅ ደመና ያያል። በዚያ ሳምንት «ቅዳሜ ትወጣለህ» አሉት። ከዚያ ወዲያ ስለ ማረሻና ስለ ዘር ካልሆነ አያወራም። እኔ ከምርመራ ስመለስ እግሮቼ ጫማ የሚገባቸው አልነበሩም፤ ከጋቢው ጫፍ ቀዶ የጠቀለለልኝ እሱ ነው።

ከምሳ በኋላ ትምህርት ነበረን። ስብሰባ ክልክል ስለሆነ በሹክሹክታ ነው። ሁሉም በየተራው የሚያውቀውን ያስተምራል፤ ጋሼ ግድግዳ የበሬን ዕድሜ በጥርሱ እንዴት እንደሚያውቁ አስተምሮን ነበር። ተራው እኔ ላይ ደረሰ። የማውቀው ነገር ቢኖር ስለ ጥንት ግሪኮች አውሬዎች ካነበብኩት መጽሐፍ ግማሹን ነው። ሌላውን ግማሽ ባለ ሱቁ ስኳር ጠቅልሎበታል።

የሙታንን አገር በር ስለሚጠብቀው ባለ ሦስት ራስ ውሻ ነገርኳቸው። ጸጉሯ እባብ ስለሆነው፣ ያያትን ሁሉ ድንጋይ ስለምታደርገው ሴት ነገርኳቸው። «በሩ ሥር» ጸጉር አስተካካይ ነው። «እሷን ዓይኔን ጨፍኜም ቢሆን አልነካትም» አለ። ነገሩ እየተወደደልኝ ሲሄድ ወደ ትልቁ ገባሁ፤ ገላው የሰው፣ ራሱ የኮርማ። ንጉሡ መተላለፊያው በማያልቅ ቤት ውስጥ ዘጋበት፤ የገባ አይወጣም። ሰው ይጥሉለታል፤ ይበላል።

«ኮርማ ነው ወይስ በሬ?» አለ ጋሼ ግድግዳ።

«ኮርማ መሰለኝ፣ ጋሼ።»

«መሰለኝ ምንድን ነው? መቼ ነው የዘጉበት?»

«ገና በልጅነቱ።»

«ምን አጥፍቶ?»

«ምንም። ንጉሡ በመልኩ አፍሮ ነው።»

«ታዲያ ይሄ እኮ እንደኛው እስረኛ ነው» አለ። ማንም አልሳቀም። «ስሙስ ማነው?»

«ስም የለውም። አውሬ ነው።»

«ስም የሌለው ከብት የት አይተሃል? ስሙን ሳትጠራ በሬ ታርሳለህ? የኔን አንዱን ቦቃ ነው የምለው፣ ግንባሩ ላይ ነጭ ስላለበት። ይሄንንስ እናቱ ምን ብላ ጠራችው?»

«አላውቅም» ማለት ነበረብኝ። ያን ቃል ለመማር ገና ነበርኩ፤ የተማርኩት በስተርጅና፣ ተሰድጄ ኦስሎ ውስጥ፣ የቋንቋ ትምህርት ቤት ነው። ያን ቀን ግን እፍረቴን ለመሸፈን በተጠቀለሉት እግሮቼ ተነሥቼ ቆምኩና፣ «ስሙን ይተዉት፣ ድምፁን ይስሙ» ብዬ ጮህኩ። የብረቱ በር ነዘረ።

«ይሄ ጥጃ ነው» አለ ጋሼ ግድግዳ፣ ረጋ ብሎ።

ሃያ ስድስት ሰው በአንድ ጊዜ ሳቀ። እዚያ ከገባሁ በድምፅ ሲሳቅ ስሰማ የመጀመሪያዬ ነው። ወዲያው ቁልፉ ተንቀጫቀጨ።

ዘበኛው በእኔ ዕድሜ ያለ ልጅ ነው። «ማነው የጮኸው?» አለ። «ካልነገራችሁኝ ከነገ ጀምሮ ከቤት ስንቅ አይገባም።»

እግሮቼን አየሁ። ለዚያች ቅጽበት ብዙ ምክንያት ሠርቼላታለሁ፤ አንዳንዱ በጣም ጥሩ ነው። አፌን ከፍቼ ነበር እላለሁ። ምናልባት አልከፈትኩም።

ጋሼ ግድግዳ ግድግዳውን ይዞ ተነሣ። «እኔ ነኝ፣ ልጄ።»

«አንተ? ቅዳሜ ትወጣለህ የተባልከው?»

«ከብቶቼ ናፈቁኝ።»

ዘበኛው እኔንና የእግሬን ጥቅል አየ። ሳያውቅ አልቀረም። «እስቲ ጩህ» አለው።

ጋሼ ግድግዳ ጋቢውን አስተካከለ፤ አንገቱን ዝቅ አደረገና ጮኸ። የእኔን ዓይነት አልነበረም። አብሮት የሚጠመደው የሞተበት በሬ፣ ባዶው በረት ፊት ቆሞ የሚያሰማው ረጅም ድምፅ ነው። ቪላው ውስጥ ያሉት ሴት እስረኞች ወሬያቸውን አቋረጡ። ጎረቤት ሲጮህ የዋለ ውሻ ዝም አለ። ዘበኛው አንድ እርምጃ ወደ ኋላ ብሎ፣ «በቃ፣ አባቴ፣ በቃ» አለ። የአባቱን ግቢ የሰማ ይመስል ነበር። ቢሆንም ሥራው ነውና፣ «ውጣ» አለው።

በሩ ላይ ሲደርስ ዞር አለ። «ዘይት፣ ስሙን ጠይቅና ንገረኝ። ስም አያጣም።»

እሺ ብዬ ራሴን ነቀነቅኩ።

ቅዳሜ አራት ሰው ለመፈታት ተጠራ፤ እሱ የለበትም። ወደ ጋራዡም አልተመለሰም። እሑድ ቆርቆሮው ላይ ዝናብ ወረደ። የትኛው ክፍል እንደወሰዱት፣ ከዚያስ የት እንዳደረሱት፣ እኔ እስክፈታ የነገረኝ የለም። የጋቢውን ቁራጭ አጥቤ እግሬ ድኖም ቢሆን ብዙ ጊዜ አስሬዋለሁ።

ጡረታ እስክወጣ ኦስሎ ወደብ ዳር፣ ቢየርቪካ በሚባለው ሰፈር፣ ከኦፔራው ቤት ጎን ከበቀሉት የመስታወት ሕንፃዎች አንዱን ሳጸዳ ነበር። መተላለፊያው ሁሉ አንድ ዓይነት ነው፤ መጀመሪያ ሰሞን ባልዲዬን እየገፋሁ መውጫው ይጠፋኝና ኮርማው ትዝ ይለኛል። ስሙን ቤተ መጻሕፍት ገብቼ መጠየቅ እችል ነበር። መንገዴ ላይ ነው። አልጠየቅኩም። ከጠየቅኩ የምነግረው ሰው መፈለግ ሊኖርብኝ ነው።

የልጄ ልጅ አስተማሪነት ትማራለች፤ ፕራክሲሷ፣ የማስተማር ልምምዷ ማለት ነው፣ ሮመን የሚባል ሰፈር ያለ ትምህርት ቤት ነው። ባለፈው እሑድ ሞርተንሩድ ሰፈር፣ እኔ ቤት መጥታ፣ የወጥ ቤቱ ጠረጴዛ ላይ ለተማሪዎቿ ከካርቶን የኮርማ ራስ ስትቀባ ነበር።

«አባባ፣ ይሄን ታውቀዋለህ?»

«አብረን ታስረናል።»

«ኔይ፣ አይ፣ የምሬን ነው።»

«እኔም።»

«እሺ፣ ስሙ ማነው?»

«ስም የለውም» አልኳት። ያ ሁሉ ዓመት አልፎ ውሸቱ አፌ ላይ ቁጭ ብሎ ይጠብቅ ነበር።

«ኔይ አባባ፣ አለው እኮ። መጽሐፉ ላይ አለ። አስቴሪዮስ። ኮከብ ምናምን ማለት ነው።»

ሻዩን አስቀመጥኩ። «ጻፊልኝ። በአማርኛ።»

«ለማን ነው?»

«ለሚጠብቀኝ ሰው።»

«ሜሴጅ ልላክለት?»

«ስልክ የለውም።»

ትከሻዋን ነቅነቅ አድርጋ ጻፈችልኝ፤ ፊደሎቿ ገና እንደተወለደ ጥጃ እግራቸው ይንገዳገዳል። ወረቀቱ ከአውቶቡስ የወር ካርዴ ጋር ኪሴ ውስጥ ነው። ጋሼ ግድግዳ ቢሰማ የሚለውን አውቀዋለሁ፦ «ኮከብ? ግንባሩ ላይ ነጭ አለበት ማለት ነው። ቦቃ ነዋ።»

ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ከእሱ አገር በኩል የመጣ ሰው ካገኘሁ፣ እንዲህ ያለ ገበሬ ነበር፣ ልጁን ሊጠይቅ ሄዶ የቀረ፣ ብዬ እጀምራለሁ። ሰዎቹ ደጎች ናቸው፤ ሊረዱኝ ፈልገው፣ «ማን ይባላሉ?» ይሉኛል።

ጋሼ ግድግዳ አይባል ነገር። የአውሬው ስም ኪሴ ውስጥ ነው። የእሱን አንድም ቀን አልጠየቅኩትም።