ከመጨረሻው ፊደል የምትጀምረው እህቴ

ታላቅ እህቴ ጥቅስ የምትጽፈው ከኋላ ወደ ፊት ነው። ግራኝ ናት። ከመጀመሪያው ፊደል ከተነሣች ክንዷ እርጥቡን ቀለም እየጠረገ ይሄድባታል። ስለዚህ አረፍተ ነገሩን አስቀድማ በጠመኔ ትለካና ብሩሹን የመጨረሻው ፊደል ላይ ታሳርፋለች። አዲስ ደንበኛ ይሄን ሲያይ ይደነግጣል። «ምን እየጻፍሽ ነው?» ሲላት፣ «ቁጭ በል፣ ስጨርስ ታነበዋለህ» ትለዋለች።

ሥራዋ በጭነት መኪና የኋላ በር ላይ ሹፌሩ የመረጠውን ጥቅስ መጻፍ ነው። ሹፌሮቹ እትዬ ብሩሽ ይሏታል። ባሏ ጎሚስታ ነው፤ እዚያው ግቢ ውስጥ የፈነዳ ጎማ ይጠግናል። «አንተ ጎማ ትነፋለህ፣ እኔ ሹፌር እነፋለሁ» እያለች ታበሽቀዋለች። እሱ ራሱን ይነቀንቃል። በቤታቸው የምታወራው እሷ፣ የሚነቀንቀው እሱ ነበር።

ጥቅስ ትጽፋለች እንጂ ለጥቅስ ደንታ የላትም። «ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» የሚለውን የሚያስጽፉት ሁልጊዜ እንደ እብድ የሚነዱት ናቸው። «ሁሉም ያልፋል» ብሎ ያስጻፈው ደግሞ የሰፈሩ ቀርፋፋ ሹፌር ነው፤ እውነትም ሁሉም ያልፈዋል። አንድ ቀን «እትዬ፣ የማታምኚበትን ነገር እንዴት ትጽፊያለሽ?» አልኳት። እኔ መድኃኒት ቤት ነው የምሠራው። «አንቺስ የምትሸጪውን ኪኒን ሁሉ ትውጪያለሽ?» አለችኝ። ከእሷ ጋር ሁልጊዜ እንዲሁ ነው።

አንድ ጠዋት ብሩሽ እያጠበች ሳለ ቀኝ እጇ ዛለ፣ አፏም ጠመመ። ስትሮክ ነው አሉን። ሐኪሞቹ ነፍሷን አተረፏት፤ እግሯም ቀስ እያለ መታዘዝ ጀመረ። ንግግሯ ግን ጠፋ። የምንላትን ሁሉ ትሰማለች፣ በዓይኗ ትከተለናለች፤ ልትመልስ ስትሞክር «ታ፣ ታ፣ ታ» ብቻ ነው የሚወጣት። በደህናው እጇ ብዕር አስያዝናት። ያቺ ስንት መኪና ያስዋበች እጅ ወረቀቱ ላይ ጭረት ብቻ ትታ ቆመች። ሐኪሙ ንግግሯ ሊመለስም ላይመለስም እንደሚችል ሲነግረን አማቼ እንደ ልማዱ ራሱን ነቀነቀ። ቤት ስንገባ ግን ማን እንደሚያወራ ጠፋን። ያን ዝምታ እንደ ጠላሁት ምንም ነገር ጠልቼ አላውቅም።

ከዚያ ጠያቂ ጎረፈ። ጠያቂ ባዶ እጁን አይመጣም፤ ብርቱካንና ጥቅስ ይዞ ይመጣል። አንዱ «ሁሉም ለበጎ ነው» ይላል፣ ሌላዋ «ቀን ቢጨልምም ይነጋል» ትላለች። ይሄን ሁሉ የሚሉት ስሟን እንኳ መጥራት ላቃታት ሴት ነው! ትዕግሥት ሲታደል እኔ አልነበርኩም። አንዷን ጎረቤት «መቼ ነው የሚነጋው? ሰዓቱን ንገሪን» ብዬ አስቀይሜያታለሁ። በመጨረሻም አማቼን «ጋሼ፣ ከነገ ጀምሮ በር ይዘጋ። ጥቅስ ጠገብን» አልኩት።

በማግስቱ የመጣው ከደንበኞቿ አንዱ፣ የባለ ተሳቢ መኪና ሹፌር ነው። በሩን የሚሞላ ሰውዬ ነው። «ደክሟታል» ብዬ መንገድ ዘጋሁበት።

«እህቴ፣ አገር አቋርጬ ነው የመጣሁት። አንዴ ዓይኗን ልየው» አለኝ። አማቼ ከውስጥ «አስገቢው» ባይል አላስገባውም ነበር።

ወንበሩ ሲጢጥ እያለ ተቀመጠ። እጇን ያዘ፣ የጠመመ አፏን አየ፣ ጉሮሮውን ጠረገ። ምን ሊል እንደሆነ ገብቶኛል። እባክህን ተው ልለው አፌን ስከፍት ቀደመኝ።

«አይዞሽ እትዬ ብሩሽ» አለ። «ቀስ በቀስ...»

መጨረስ አቃተው። ያ ግዙፍ ሰውዬ ፊቱን በክንዱ ሸፈነ። እኔም ወደ መስኮቱ ዞርኩ።

«እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» የሚል ድምፅ ተሰማ።

ከትራሱ በኩል ነው። ቀጭን ነው፣ ይንቀጠቀጣል፣ ግን ጥርት ያለ ነው። አማቼ ሲልጠው የነበረው ብርቱካን ከእጁ ወደቀ። እኔ ሊባረር የነበረውን ሰውዬ ኮሌታ ይዤ «ድገመው!» ብዬ ጮህኩ።

«ምኑን?»

«ጥቅሱን ነዋ! ሌላም ጨምር!»

ምስኪን፣ ላብ እያጠመቀው በየመንገዱ ያነበበውን ሁሉ ያወጣ ጀመር። «የቸኮለ» ሲላት «አፍሶ ለቀመ» አለች። «ድር ቢያብር» ሲላት «አንበሳ ያስር» አለች። እሱ እያለቀሰ ይስቃል፣ እኔም እንደዚያው። እሷ ግን ከሁላችን ይልቅ የገረማት ትመስል ነበር፤ ድምፁ ከየት እንደመጣ እንደማታውቅ ሁሉ ጣቷን ከንፈሯ ላይ አድርጋ ታየን ነበር።

የንግግር ሐኪሟ ስንነግራት አልደነቃትም። «የራሳችንን ሐሳብ ስንናገር ቃል በቃል እየለቀምን ነው። ብዙ ጊዜ የተባለ ነገር ግን ተያይዞ ነው የተቀመጠው፤ አንዱን ጫፍ ስንስበው ሌላው ተከትሎ ይመጣል። ዘፈንም፣ ጸሎትም፣ ስድብም እንደዚሁ ነው» አለችን። ስድብ እንዳልሞከርን ትዝ አለኝ። ሐኪሟ ግን ቶሎ ብላ «ይሄ ገና የራሷ ንግግር አይደለም። የራሷን አንድ ሐሳብ በራሷ ቃል ስትናገር ነው ተመለሰች የምንለው» አለች።

እኔ እስከዚያ ቀን ድረስ እነዚህ አባባሎች ይሄን ያህል ዕድሜ የኖሩት ሰው ሰነፍ ስለሆነ ይመስለኝ ነበር። ማሰብ የሰለቸው የሌላውን ይደግማል እል ነበር። አሁን ሌላ ይመስለኛል። ሰው የራሱ ቃል የሚከዳው ቀን አለው፤ ለሐዘንተኛውም፣ ለጠያቂውም፣ ለታማሚውም ይመጣል። ያን ቀን በየሰው አፍ ሲመላለስ የኖረ ቃል ያስፈልጋል። ቀን ይነጋል ያለችኝን ጎረቤት ሄጄ ይቅርታ ጠየቅኋት፤ እሷም ሌላ ጥቅስ ጨመረችልኝ።

እኛ እንጀምራለን፣ እሷ ትጨርሳለች፤ ሥራችን ይሄው ሆነ። የምናውቀው ሲያልቅብን ሹፌሮቹ ከየመኪናቸው ጀርባ በአማቼ በኩል ይልኩልን ነበር። ደስታችን ግን ሙሉ አልነበረም። ምን ትፈልጊያለሽ ስንላት ያው እንቁላሉ ይመጣባታል። አንድ ጊዜ ሽንት ቤት መሄድ ፈልጋ «ድር ቢያብር አንበሳ ያስር» አለችኝ። ምን ማለቷ እንደሆነ እስኪገባኝ ድረስ ደጋግማ አለችው፤ ከዚያ በንዴት አለቀሰች። እንዲህ በሰው ቃል ብቻ ልትቀር ነው ብዬ ፈራሁ። ለአማቼ ግን አልነገርኩትም፣ እሱም የፈራውን አልነገረኝም።

አንድ ከሰዓት በኋላ ከሥራ ወጥቼ ስመጣ አማቼ አልጋዋ አጠገብ ተቀምጧል። እጁ ከጎማው ጥቁር እንደሆነ ነው። ማስጠናት ጀምሯል።

«እውነትና ንጋት...» አላት።

ዝም አለች። ይሄን እኮ «እያደር ይጠራል» ብላ ሳትሳሳት ስትጨርስ ነው የሰነበተችው። ቦርሳዬን ሳላስቀምጥ ቆምኩ። እሱም ደንግጦ፣ ረጋ ብሎ ደገመው።

«እውነትና ንጋት...»

ዓይኗን ጨፈነች። ግንባሯ ተኮማተረ፣ ከንፈሯ ተንቀሳቀሰ፣ ቆመ፣ እንደገና ተንቀሳቀሰ።

«በቃኝ» አለች። ቀጥላም እያንዳንዷን ቃል ከሩቅ እየጎተተች «ሻይ... አምጡልኝ። ስኳር... ይብዛ» አለች።

አማቼ ብድግ አለ፣ መልሶ ተቀመጠ። ከዚያ ያ ነቅናቂው ሰውዬ ወደ እኔ ዞሮ፣ እንባው በጥቁር እጁ ላይ እየወረደ፣ «ይሄ እኮ የማንም መኪና ላይ የለም» አለኝ።