መጨረሻው የጠፋ መጽሐፍ

በነገሌ መናኸሪያ በር ላይ አሮጌ መጻሕፍት የምትሸጠው ሸምሳ መጀመሪያ ያየችው የሽማግሌውን አውራ ጣት ነው። የተገነጣጠሉት ገጾች እንዳይበተኑባቸው መጽሐፉን በአውራ ጣታቸው ጭነው ስለያዙ፣ ለሰላምታ የሰጧት ክንዳቸውን ነበር። የለበሱት የወታደር ካፖርት ቁልፎች አንዱ ሌላውን አይመስልም።

«አካም፣ ልጄ! ይሄ መጽሐፍ መጨረሻው ያልጠፋ አለሽ?»

በጃንሆይ ዘመን ስለነበረ አንድ አጭበርባሪ ወታደር የሚያወራ ልብ ወለድ ነው። ወታደሩ የአዛዡን በቅሎ ሰርቆ መልሶ ለአዛዡ ሲሸጥ ተይዟል፤ ከዚያ ወዲያ ያለው ገጽ የለም።

«ባለቤቴ ሆስፒታል ተኝታለች። መጨረሻውን ሳልሰማ ኦፕሬሽን አልገባም ብላለች።»

«አመለጠ ይበሏታ፣ አባባ!»

«ብያት ነበር። ማምለጫውንም በሦስት ዓይነት ፈጠርኩላት። ‹ይሄማ ያንተ ተንኮል ነው፤ የሱ አይደለም› አለችኝ።»

ሸምሳ ሳቋን መቆጣጠር አቃታት። እሳቸው ግን አልሳቁም።

«እኔ ጋ አልቋል። ፊልቱ ከተማ የሚኖር፣ ከእኔ የገዛ አንድ አስተማሪ አለ። ግን መጽሐፉን በጣም ይወዳል፤ የሚሰጥዎት አይመስለኝም።»

ሽማግሌው ትንሽ አሰቡ።

«የአስተማሪው ግቢ ውስጥ ውሻ አለ?»

«እኔ እንጃ፤ ለምን?»

ካፖርታቸውን አጥብቀው፣ «ፊልቱ! ፊልቱ!» እያለ ወደሚጣራው ረዳት በሰልፍ እርምጃ ሄዱ።