ዛፎቹን ቁጠር የተባልኩበት ጫካ

ፊደል የቆጠርኩት ጢሜ ላይ ሽበት ጣል ጣል ካደረገ በኋላ ነው። ይህን የምለው እንዲታዘንልኝ አይደለም። መካኒሳ አቦ አጠገብ በነበረ እንጨት መሰንጠቂያ ግንድ ተሸካሚ ነበርኩ፤ ግንድ ለመሸከም ማንበብ አያስፈልግም። በደርግ ጊዜ «ያልተማረ ሰው ከቀበሌ ሱቅ ስኳር አያገኝም» የሚል ወሬ ሲናፈስ፣ ቅዳሜ ቅዳሜ ከሰዓት ቀበሌው አዳራሽ ገብቼ ሀ ሁ አልኩ። ያስተማረኝ ስኳር ነው።

የመጨረሻው ፈተና «ስለምታውቁት ቦታ ጻፉ» የሚል ነበር። ሌላው ስለ ትውልድ መንደሩ ጻፈ። እኔ ስለ መንደሬ የምጽፈው ደግ ነገር ስላልነበረኝ ጫካ ፈጠርኩ።

እንዲህ ነበር ያልኩት። ሩቅ አገር አንድ ጫካ አለ። ማንም ዘር አይዘራበትም፤ ዝናብም አይዘንብበትም። ሰው ከቤቱ ወጥቶ ሳይመለስ ሲቀር እዚያ አንድ ችግኝ ይበቅላል። ዛፉ ውሃ አይጠጣም፤ ቤት የቀሩት ስሙን በጠሩ ቁጥር ሥሩ ይርሳል። ስሙን ማንሳት ከተዉ ዛፉ አይደርቅም፣ ግን እያጠረ ሄዶ ቁልቁል ያድጋል። የንቦቹ ማር ጨው ጨው ይላል። ጅቡ ሬሳ ስለማያገኝ ሣር ይግጣል። ሰውየው በሕይወት እስካለ ቅጠሉ አይረግፍም። የዚያ አገር ሰዎች በሌላ አይምሉም፣ በጫካው ብቻ ነው።

ለምን እንደዚያ ጻፍክ ብትሉኝ፣ ቀኑን ሙሉ ቅርንጫፉ የተመለመለ ግንድ የሚሸከም ሰው ቅጠል ቢያምረው አይገርምም። ሌላ ምክንያት የለኝም።

አስተማሪያችን ወጣት ሴት ነበረች። ሁለቴ አነበበችውና ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ «ጋሼ፣ ይኼን ለማንም ባያሳዩት ይሻላል» አለችኝ። ደንቡ ግን የተፈተነ ሁሉ የቀበሌው ሊቀመንበር ባለበት ቆሞ ያንብብ የሚል ነበር። ብልጥ ሰው ቢሆን ወረቀቱን እያየ ሌላ ነገር ያወራ ነበር። እኔ አዲስ አንባቢ ነኝ፤ የተጻፈውን ትቶ ሌላ ማለት የሚቻል አልመሰለኝም። መስመሩን በጣቴ እየተከተልኩ እስከ መጨረሻው አነበብኩት።

ማንም አላጨበጨበም።

በማግስቱ ጠዋት ቦኖ ውሃ ወረፋ ላይ ጎረቤቴን አገኘኋት፤ በዕድሜ ታላቄ ናት። ልጇ ከሁለት ዓመት በፊት ለሥራ እንደወጣ አልተመለሰም። የት ደረሰ ብሎ መጠየቅ የሚያሳስርበት ጊዜ ነበር።

«አንተ፣» አለችኝ፣ «የልጄ ቅጠል እንዴት ነው?»

«እትዬ፣ ጫካ የለም። ከሆዴ ያወጣሁት ነው።»

«እሱን ለነሱ በላቸው። እኔ የጠየቅኩህ ቅጠሉን ነው።»

እንድትተወኝ ብዬ «አልረገፈም» አልኳት። ከዚያ በኋላ ጠዋት ጠዋት እየጠበቀች ትጠይቀኝ ጀመር። በሳምንቱ ሌሎች ሴቶችም መጡ። በጫካው ሲማማሉ ሰማሁ። አንዷማ ልጆቿን አሰልፋ የቀረ ወንድማቸውን ስም ታስጠራለች፤ ዛፉ እንዳያጥር። በአጥሩ በኩል በሰማሁት ቁጥር መስኮቴን እዘጋለሁ።

የፈራሁት አልቀረም። ጠመንጃ ያነገበ የቀበሌ ጠባቂ መሰንጠቂያው ድረስ መጣ። «ሊቀመንበሩ ይፈልግሃል።»

«ጋቢ ልያዝ?»

«ምን ያደርግልሃል?»

ቶሎ ትመለሳለህ ማለቱ ይሁን አትመለስም ማለቱ፣ እስክደርስ ሳብሰለስለው ሄድኩ።

ሊቀመንበሩ የፈተና ወረቀቴን ዘርግቶ ይጠብቀኛል።

«ጫካው በፉሪ በኩል ነው?»

«የትም በኩል አይደለም፣ ጓድ ሊቀመንበር።»

«ዛፎቹ ስንት ናቸው?»

«አልቆጠርኩም።»

«ቁጠር።»

«የሌለ ነገር እንዴት ይቆጠራል?»

«ከዚህ ቀበሌ ብቻ ስንት በቀለ? ማነው ቁጠር ያለህ?»

ያኔ ገባኝ። የሚጠይቀኝ ስለ ዛፍ አልነበረም። አንድ ቁጥር ከአፌ ቢያመልጥ አለቀልኝ።

«መቁጠር ገና አልተማርኩም» አልኩት።

«ግንዱንስ ማን ይቆጥርልሃል?»

«ተቆጣጣሪው።»

«አየህ፣ ፈርተህም ምላስ አለህ» ብሎ ሳቀ። ከዚያ ሌላ ወረቀት ገፋልኝ። ጫካ የለም፣ የፈጠርኩት እኔ ነኝ፣ ማንም አላዘዘኝም ይላል።

«አሻራ ላድርግ?»

«አስተምረንህ የለ? ፈርም።»

በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ የፈረምኩት እዚያ ላይ ነው።

«እሁድ ስብሰባ ላይ ራስህ ታነባታለህ» አለኝ። «ከዚያ ወዲያ ሴቶቹ ስለ ጫካ ሲያወሩ ከሰማሁ፣ የምመጣው አንተ ጋ ነው።»

እሁድ አነበብኩ። ከአዳራሹ ስንወጣ ጎረቤቴ በሩ ላይ ጠበቀችኝ።

«የለም ብያለሁ፣ እትዬ። ሰሙኝ?»

«ሰማሁ። ባይኖር ኖሮ የለም በል ብለው ያስፈርሙህ ነበር?»

«እባክዎ። እኔን ነው የሚወስዱኝ።»

«እንግዲያው በአፌ አላነሳውም። አንተም አትናገር። ካልረገፈ አንገትህን ብቻ ነቅንቅልኝ።»

ሰኞ ጠዋት ወረፋ ይዛ ነበር። እንዳለችውም አፏን አልከፈተችም፤ ጀሪካኗን አስቀምጣ ፊቴን አየችኝ። ያ ጠባቂ ቧንቧው አጠገብ ቆሟል። ዓይኔን ወደ ውሃው መለስኩ። ማክሰኞም ጠባቂው ነበር፤ ማክሰኞም አልነቀነቅኩም። ረቡዕ እሷ አልመጣችም።

ሐሙስ ጥቁር ለብሳ አየኋት። የልጇን መርዶ ማን ነገራት ብለው ሰፈርተኞቹ እርስ በርስ ተጠያየቁ። እሷ ለማንም አልተናገረችም። ያልነቀነቅኩት ፈርቼ ነው እንጂ ቅጠሉ አልረገፈም ልላት ደጇ ድረስ ሦስት ጊዜ ሄጃለሁ። ሦስቱንም ጊዜ መንገዱ ላይ ሰው ነበርና ተመለስኩ።