በላቀው ስም አይጨፈርም

ጻፊ እንግዲህ፣ ቤቲ የልጅ ልጄ። እንዳልኩት ጻፊው፣ አታሳምሪው። ስቆጣም እንደተቆጣሁ ጻፊ። ለአንቺ ብቻ አይደለም የምነግረው፤ እኩዮቼም በየልጆቻቸው ስልክ ያስነብቡታል፣ እነሱ ይፍረዱኝ።

ቅዳሜ ለት የሰርግሽን ምግብ ልንቀምስ ፌርፋክስ ሐበሻ ምግብ ቤት ወረድን፤ አንቺ፣ እጮኛሽ ዮናስና እኔ። ዮናስ ፓርክ እስኪያደርግ ስንዞር ስንዞር ቆይተን ገባን፣ ቁጭ አልን፣ እጃችንን እንኳ አልታጠብንም። ከግድግዳው ስፒከር አኮርዲዮን ጀመረ። ገና ሲጀምር አወቅሁት። ቀጥሎ የሴትየዋ ድምፅ መጣ፣ «ላ-ላ-ላቀው» እያለች። አንቺ ብድግ አልሽ። «እማማ! ይሄ እኮ ነው የመግቢያ ሶንጋችን! ጣልያንኛ ነው፣ ቪንቴጅ ነው፣ የድሮ፣ ግን ውስጡ የኛ ነገር አለው!» ዮናስም እጅሽን ይዞ በወንበሮቹ መሀል አሽከረከረሽ። ሰው አጨበጨበ።

«ዝጉት!» አልኩ። ባለቤቱ ጋሽ ተፈራ ሳቀብኝ። «እትዬ በላይነሽ፣ ጣልያን ከወጣ ስንት ዘመኑ! አሁንም አልታረቁም እንዴ?» አለኝ። ቤቱ ሁሉ ሳቀ። እኔ ጠቤ ከጣልያን ጋር አይደለም። ጠቤ ከአንዲት ሴት ጋር ነው። እሷንም እወዳት ነበር፤ አንጀቴን የሚያሳርረው እሱ ነው።

ልጅ ሆኜ እናቴ ካዛንቺስ ልብስ አጣቢ ነበረች። ከምታጥብላቸው አንዷ ሲኞራ ዴልፊና ናት፣ ባሏ መካኒክ የሆነ። በአገሯ በጦርነቱ ጊዜ በየመድረኩ ዘፍናለች፣ ፊልምም ሠርታለች ይሏታል። ግድግዳዋ ላይ ጸጉሯን አበጥራ አንገቷን ሰበር ያደረገችበት ትልቅ ፎቶ ነበር። እኛ አገር ከመጣች ወዲህ ደግሞ በጣልያኖቹ ክበብ ትዘፍናለች፣ ቲያትር ትሠራለች፣ እሑድ እሑድ ሬዲዮን ላይ በቋንቋዋ እያነበበች መሀል መሀሉን ታዜማለች። የመድረክ ቀሚሷ ሽቶ፣ የፊት ዱቄትና ሲጋራ ይሸታል። ፈርጥ የተለቀመበት ስለሆነ እናቴ ለሌላ ሰው አታስነካውም፤ በለብ ያለ ውሃ፣ እንደ ሕፃን ገላ ቀስ አድርጋ ነበር የምታጥበው።

እኔ በር ላይ ቁጭ ብዬ ሲኞራን አያለሁ። ጠዋት ጥሬ እንቁላል መትታ ትጠጣለች፣ በጨው ውሃ ትጉመጠመጣለች። ከዚያ መስተዋት ፊት ቁጭ ብላ፣ ማንኪያ እንደ ማይክ አፏ ላይ ደቅና የሬዲዮኗን ወረቀት ታነባለች። ስታየኝ ካራሜላ ትወረውርልኛለች። አንድ ቀን «ነይ፣ እይ» አለችኝ። ዓይኗን መስተዋቱ ላይ ተከለች፣ ትንሽ ቆየች፣ እንባዋ ዱብ ዱብ አለ። ወዲያው ስቃ በመሐረብ ጠረገችውና «ቲያትር!» አለችኝ። ጉድ አልኩ! እቤቴ ሄጄ ዓይኔን ባፈጥ ባፈጥ ጠብ የሚል የለም። እናቴ አይታ፣ «በከንቱ እንባውን የሚያፈስ ሰው፣ የከፋው ቀን ያጣዋል» አለችኝ።

ላቀው ትንሹ ወንድሜ ነው። ገና ድክ ድክ ይላል። እናቴ የሲኞራን አንሶላ ስታሰጣ እሱ ከአንሶላው ኋላ ይደበቃል፤ እግሩ እየታየ የተደበቀ ይመስለዋል። እናቴ «ላቀው! የት ሄደብኝ?» ትልና ዝም ትላለች። እሱ ትንፋሹን ዋጥ ያደርግና ቆይቶ ይስቃል። ሲኞራም ከመስኮት ሆና «ላ-ላ-ላቀው!» ትለዋለች፣ እሱ ይንከተከታል። ወዳው ነበር፤ አልዋሽም።

ክረምት ላይ ኩፍኝ ወሰደው።

እናቴ የሰፈሩ ሙሾ አውራጅ ነበረች። ሰው ሲሞት መጀመሪያ የምትጠራው እሷ ናት። ለሰው ልጅ ስታወርድ ኖራ ለራሷ ልጅ አዲስ ዜማ አወጣች። ቀስ ያለ ነው። «ላቀው» ትልና ዝም ትላለች፣ እንደዚያ እንደ ድብብቆሹ፣ ከአንሶላው ኋላ የሚስቅላት ይመስል ትጠብቀዋለች። ሳይስቅላት ሲቀር ደግማ ትጠራዋለች። ግጥሙ አልነበረም ሰውን የሚቆርጠው፤ ያቺ ዝምታ ናት። ሲኞራ ጥቁር ለብሳ መጣች። ወንበር ሲሰጧት እምቢ ብላ ከሴቶቹ ጋር መሬት ተቀመጠች፣ ዓይኗ እስኪያብጥ አለቀሰች። ሴቶቹ «ፈረንጇ እንደኛ ታለቅሳለች!» ብለው መረቋት።

የዚያን ዓመት በጋው ላይ፣ እሑድ ከሰዓት፣ እናቴ የታጠበውን ልብስ ተሸክማ እኔ ቀሚሷን ይዤ በሻይ ቤቱ በር እናልፋለን። ሬዲዮኑ ውጭ ተሰቅሎ ይጮሃል። አኮርዲዮን ነው፣ ፈጣን ነው። ሰው እግሩን ይመታል። ከዚያ «ላ-ላ-ላቀው» አለች ሲኞራ። ዜማው የእናቴ ነው። በዝምታዋ ቦታ ግን ዝምታ የለም፣ ጭብጨባና አኮርዲዮን ሞልተውበታል። እናቴ ቀጥ ብላ ቆመች። ከዚያ ያንን በረዶ የመሰለ የታጠበ ልብስ ጭቃው ላይ ለቀቀችው። እናቴ! መሐረብ እንኳ መሬት ሲነካ የምትቆጣው!

ሲኞራ ከሬዲዮኑ ስትመለስ በሯ ላይ ጠበቅናት። «ሲኞራ፣ የልጄን ሙሾ ዘፈን አደረግሽው?» አለቻት። ሲኞራ ደንገጥ ብላ ሁለት እጇን ያዘቻት። «ቆንጆ ነው ዘነበች! እኔ ላቀው ወደደ። አሁን ሁሉ ሰው ላቀው ይላል። ስም አይሞትም!» አለች በዚያ በተሰባበረ አማርኛዋ። እንባዋም ዱብ ዱብ አለ። እኔ ያንን እንባ አውቀዋለሁ፤ ከመስተዋቱ ፊት አይቼዋለሁ። ለቅሶው ላይ ያፈሰሰችው ግን የትኛው ነበር? ይኸው አርጅቼ አላወቅሁትም። እናቴ እጇን አላቀቀችና «ሲኞራ፣ በሙሾ አይጨፈርም» አለቻት። እጄን ይዛኝ ወጣች፣ እዚያ ቤት ተመልሳም አልገባች።

ይሄ ብቻ ቢሆን ይለፍ እል ነበር። ቆይቶ ጎረቤት ሞተና እናቴን ጠሯት። ነጠላዋን አዘቅዝቃ መሀል ቆመች፣ በለመደችው ዜማ ጀመረች። አንዲት ልጃገረድ ከኋላ «ውይ፣ የሬዲዮኑ!» ብላ ኪኪኪ አለች። ሌሎቹም አፋቸውን በነጠላ ያዙ። ሬሳ ፊት ለፊት! እናቴ አፏን እንደከፈተች ቀረች። ከዚያ በኋላ ለማንም ሙሾ አውርዳ አታውቅም፤ የገዛ አባቷ ሲሞት እንኳ ጥግ ይዛ ዝም አለች። ሲኞራ የወሰደችባት እሱን ነው። ዘፈን ብቻ መሰለሽ የወሰደችው? ማልቀሻዋን ነው።

ሲኞራማ አገሯ ገብታ በዚያው ዘፈን ስሟ ገነነ። ቴሌቪዥን ላይ ወንበር ተሰጥቷት እንግዳ ታጫውት ነበር አልሽኝ፣ ከስልክሽ ስታነቢልኝ። «ከአፍሪካ ይዛው የመጣችው ዜማ» ይላል አልሽኝ። ይዛው የመጣችው! ቅርጫት ነው እንዴ? የእናቴ ስም፣ ዘነበች የሚል አለው? የለውም። እንግዲያው አንቺ ጻፊው። ዘነበች። ጎላ አድርጊው።

አሁን ደግሞ የሚብሰውን ልንገራችሁ፣ እኩዮቼ። ቅዳሜ መኪና ውስጥ ይሄንን ሁሉ ስነግራት የልጅ ልጄ ምን አለችኝ? «ሶ እማማ፣ እንደ ትሪቢዩት፣ እንደ መታሰቢያ እንየዋ። ስሙ እንዳይጠፋ።» ስሙ እንዳይጠፋ! ቤቲዬ፣ ዓይንሽ የእናቴ ነው፣ አፍሽ ግን የሲኞራ ሆነብኝ። ደግሞ እውነታችሁን ነው፣ ሁለታችሁም። ላቀው ፎቶ የለውም፣ መቃብሩም ላይ መንገድ ወጥቶበታል። ስሙ የቀረው እዚያ ጭፈራ ውስጥ ብቻ ነው። ታዲያ ይሄ ያጽናናኛል? ወንድሜን በየግብዣው ሲረግጡት እየሰማሁ?

ቀጥለሽ ደግሞ «በቃ ትክክለኛውን አሁን በይልኝ፣ ሪከርድ ላድርገው» አልሽ። ወይ የዘንድሮ ልጅ! ሙሾ ያለ ለቅሶ አይወረድም፣ ሟርት ነው። ሰርግሽ ደጅ ደርሶ! እኛ ለቅሶ ቤት ከናቶቻችን ጉያ ሆነን ነው የለመድነው፣ ማንም አላስተማረን። እዚህ አገር የት ትስሚው? አያትሽን የቀበርን ለት ሙሾው አፌ ድረስ መጥቶ ነበር። «ላ...» ከማለቴ ያ ሱፍ የለበሰው የመቃብሩ ሰውዬ መጥቶ ድምፅ ቀንሱ፣ ሌላ ቤተሰብ ተራ እየጠበቀ ነው አለን። ዋጥኩት። የሃምሳ ዓመት ባሌን እንደ ላይብረሪ በሹክሹክታ ሸኘሁት። ያኔ እናቴን አንዲት ሴት አፏን አዘጋቻት፤ አሁን እኔን ሰዓት ዘጋኝ።

አሁን ስሚኝ። መጀመሪያ ዲጄው ጋ ደውይና ያንን ዘፈን አስወጪ። መጻፉን ተዪና ስልኩን አንሺ፣ ደውይ! ሌላ ዘፈን ሞልቷል፤ እኔም እጨፍርልሻለሁ፣ ወገቤ ይሰበር።

ሰርጉ አልፎ፣ የአያትሽ ሙት ዓመት ሲደርስ፣ መቃብሩ ድረስ ድራይቭ አድርጊኝ። እዚያ ሟርት አይደለም፣ ሙሾ ቤቱ ነው። ስልክሽን ያን ጊዜ ክፈቺው። መጀመሪያ አያትሽን አለቅሳለሁ፣ ከዚያ ላቀውን እጠራዋለሁ። ዝም ስል ሪከርዱን እንዳታጠፊው፤ አልጨረስኩም፣ እየጠበቅሁት ነው። ዘበኛው መጥቶ ድምፅ ቀንሱ ካለ ደግሞ፣ በእንግሊዝኛ የምትመልሽው አንቺ ነሽ። እኔ አልቀንስም።