ሰሊማ በአማቷ የሳቀች ዕለት

ሰሊማ ከሳቀች ያዘነ ሰው እንኳ አብሯት ይስቃል ይላሉ፣ የዓባይ ማዶ ጎረቤቶቿ። የቴሌቪዥን ሰዎች ያገኟትም በዚህ ሳቋ ነው። በከተማው ያለ አንድ ጣቢያ የሚያቀርበው አስቂኝ ድራማ ተመልካች እየሸሸው ነበርና፣ ደሞዝ የሚባለው አዘጋጅ በቀረጻው አዳራሽ ከፊት ወንበር አስቀመጣት። እሷ ስትጀምር አዳራሹ ይከተላል። የሸሸው ተመልካችም ተመለሰ።

አንድ ቀን በቀረጻ እረፍት ደሞዝ፣ "እስኪ ዛሬ ደግሞ አንቺ አስቂን" አላት።

ሰሊማ የአማቷን የአባ ቡርሀንን ነገር አነሣች። አባ ቡርሀን ጣና ላይ ዓሣ ሲያጠምዱ ያረጁ፣ ጆሯቸው የከበደ ሰው ናቸው። ባሏ ለሥራ መተማ ከሄደ ወዲህ እንደ ልጃቸው ይዘዋታል።

"ሰዎች 'ዓሣው ስንት ነው?' ሲሏቸው 'አልሐምዱሊላህ፣ ደኅና ነኝ' ይላሉ" አለች። በፍቅር ነበር ያወራችው።

ደሞዝ አልሳቀም። "ድገሚልኝ" አላት።

በሚቀጥለው ቀረጻ ተዋናዩ ቆብ ደፍቶ፣ ወገቡን አጉብጦ፣ ዓሣ አንጠልጥሎ ወጣ። ዋጋ ተጠየቀ። መልሱን ሳይጨርስ ሰሊማ ሳቋ አመለጣት። ተዋናዩ የሚያስመስለው ማንን እንደሆነ የገባት ካሜራው ፊቷ ላይ ከቆመ በኋላ ነው። ያኔም ማቆም አቃታት።

"ይህችን ቆርጠህ አውጣልኝ፣ በአላህ!" ብላ ደሞዝን ለመነችው።

"ምን ነካሽ? እንዲህ ያለ ተመልካች የሚያመጣ መቼ አግኝተን እናውቃለን?"

ሲተላለፍ አባ ቡርሀን አጠገቧ ተቀምጠው አዩ። ድምፁ አልተሰማቸውም፤ ያዩት የምራታቸውን ፊት ነው።

"ደስ ብሎሽ አየሁሽ፣ ልጄ" አሏት። ሰሊማ መሬት ተከፍታ ብትውጣት በወደደች።

ብዙም ሳይቆይ የሐይቁ ዳር ልጆች "ዓሣው ስንት ነው?" እያሉ ይከተሏቸው ጀመር።

"እነዚህ ልጆች ምን ይሉኛል?" አሏት።

"ዋጋ ነው የሚጠይቁዎት።"

"ሳይገዙ?"

ከዚያ በላይ መዋሸት አልሆነላትም። ጠጋ ብላ በቀስታ ነገረቻቸው፤ አልሰሙም። ደግማ ጮኸች፤ ጎረቤት ሁሉ ሰማ። "የእርስዎን ነገር ለቴሌቪዥን ሰዎች የነገርኋቸው እኔ ነኝ! አብሬያቸውም ሳቅሁ!"

"እኔ እኮ" አሉ አባ ቡርሀን፣ "ደኅንነቴን የሚጠይቁኝ መስሎኝ ነበር።"

ሰሊማ ወደ አዳራሹ አልተመለሰችም፤ የደሞዝንም ስልክ አላነሣችም። እግራቸው ላይ ወድቃ ስትለምናቸው "አፉ ብያለሁ" አሏት። የዓሣውን ሽያጭ ግን ለእሷ ተዉት። አሁን ሰው ሰላም ሲላቸው እንኳ ቶሎ አይመልሱም፤ መጀመሪያ የእሷን ፊት ያያሉ። እሷም አንገቷን ትደፋለች።